የግል ጥበቃ ሥራ በሰሜን ሸዋ፦ አመጣጡ፣ ሕጉና የሠራተኛው መብት

ደብረ ብርሃን፦ ከአዲስ አበባ በስተሰሜን ምሥራቅ 130 ኪሎ ሜትር ላይ የምትገኘው ደብረ ብርሃን ለረጅም ዘመን የምትታወቀው በብርድ ልብስ ፋብሪካዋ ነበር። ከዚያ ወዲህ የቢራ፣ የመስታወትና የምግብ ፋብሪካዎች ተተክለውባታል፤ ዩኒቨርሲቲ ተከፍቶባታል፤ በ2011 ዓ.ም ደግሞ የኢንዱስትሪ ፓርክ ተመርቆላታል። ባንኮች፣ ሆቴሎች፣ የእህልና የማዳበሪያ መጋዘኖች፣ በግንባታ ላይ ያሉ ሕንፃዎችም በዝተዋል። እነዚህ ሁሉ በር አላቸው፤ በየበሩም ቀንና ሌሊት የሚቆም ሰው ያስፈልጋል።

በዚህም ምክንያት የጥበቃ ሥራ ከገጠር ወረዳዎች ወደ ከተማዋ ለሚመጡ ወገኖች ከመጀመሪያዎቹ የደመወዝ ሥራዎች አንዱ ሆኗል። ሥራው በመጠን ቢያድግም ስለ ሕጉ ያለው ግንዛቤ አብሮ አላደገም። ስንት ሰዓት መሥራት እንደሚገባ፣ ንብረት ሲጠፋ ማን እንደሚጠየቅ፣ ጥበቃው ሰው መያዝ ይችል እንደሆነ በየዕለቱ የሚነሡ ጥያቄዎች ናቸው። ይህ ጽሑፍ የሥራውን አመጣጥና አደረጃጀት፣ የሚመራባቸውን ሕጎች፣ እንዲሁም ዘርፉን በፈቃድ ካስተዳደረችው ብሪታንያ የሚገኘውን ልምድ ያቀርባል።

ከኬላ ጠባቂ እስከ ኤጀንሲ

በክፍያ መጠበቅ ለሰሜን ሸዋ አዲስ ነገር አይደለም። ከደብረ ብርሃን 40 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በገደሉ አፋፍ ላይ የተቀመጠችው አንኮበር ስሟ ራሱ ከበር ጋር የተያያዘ ነው። የሸዋ ነገሥታት መናገሻ በነበረችበት ዘመን ከታጁራ ጠረፍ ተነሥቶ በአፋር ምድር በኩል ወደ አልዩ አምባ ገበያ የሚወጣው ቅፍለት በየአካባቢው ለሸኚና ለጠባቂ እየከፈለ ያልፍ ነበር። በኬላው ቀረጥ ተቀባይና ጠባቂ፣ በቤተ መንግሥቱ አጋፋሪና እልፍኝ አስከልካይ ይቆሙ ነበር። እነዚህ ሹመት ያላቸው፣ ከንጉሡ ጋር በቅርበት የሚሠሩ ሰዎች ነበሩ።

በመንዝ የጓሳ ሣር ምድር ደግሞ ጥበቃው የሕዝቡ የጋራ ሥራ ሆኖ ኖሯል። ከ17ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ እንደነበረ በሚነገርለት የቄሮ ሥርዓት ባለመብቶቹ አለቃ ይመርጣሉ፤ ሣሩ ለቤት ክዳንና ለገመድ እንዲደርስ ምድሩ ከሦስት እስከ አምስት ዓመት ይዘጋል፤ ወንዶቹ በየተራ ይጠብቃሉ፤ ጊዜው ሳይደርስ ያጨደ ይቀጣል። ሥርዓቱ የገጠር መሬት በ1967 ዓ.ም የመንግሥት ሲሆን ፈረሰ፤ በኋላ የአካባቢው ማኅበረሰብ ጥበቃውን በኮሚቴ መልሶ አደራጀ። በጓሳ የሚጠብቀው ሰው የሚጠብቀው የራሱንም ድርሻ ነው። የዛሬው የፋብሪካ ጥበቃ ግን ድርሻ በሌለው ንብረት ላይ የሚቆም ደመወዝተኛ ነው።

«ዘበኛ» የሚለው ስያሜም ከዘመን ወደ ዘመን ክብሩ ተለዋውጧል። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ክቡር ዘበኛ የንጉሠ ነገሥቱ የተመረጠ ጦር ስም ነበር፤ የታኅሣሥ 1953 ዓ.ም መፈንቅለ መንግሥት ሙከራም ከዚሁ ጦር አዛዥ ጋር የተያያዘ ነው። በከተማ ግን ቃሉ በባለጸጋ ደጃፍ ጋቢ ለብሶ የሚያድረውን ሰው መጥሪያ ሆነ። በደርግ ዘመን የሠፈር ጥበቃ በቀበሌና በአብዮት ጥበቃ ሥር ገባ። ከ1983 ዓ.ም በኋላ የግል ኢንቨስትመንት ሲስፋፋና ብዙ የቀድሞ ሠራዊት አባላት ሥራ ፈላጊ ሲሆኑ ጥበቃን እንደ ንግድ የያዙ ድርጅቶች በአዲስ አበባ ተፈጠሩ፤ ቀስ በቀስም ወደ ክልል ከተሞች ደረሱ። ዛሬ ሠራተኞቹ ራሳቸው «ጥበቃ» መባልን ይመርጣሉ፤ «ዘበኛ» ዝቅ አድርጎ የመጥራት ድምፅ አለው ይላሉና።

ማን ማንን ይቀጥራል

በአሁኑ ጊዜ የጥበቃ ሠራተኛ የሚሠራባቸው መንገዶች በአራት ሊከፈሉ ይችላሉ።

የመጀመሪያው ድርጅቱ በቀጥታ የሚቀጥረው ነው። ፋብሪካው ወይም ሆቴሉ ራሱ አሠሪ ይሆናል፤ ሠራተኛውም እንደማንኛውም የድርጅቱ ሠራተኛ በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ይተዳደራል።

ሁለተኛው በኤጀንሲ በኩል የሚቀጠረው ነው። ኤጀንሲው ሠራተኛውን በራሱ ሥር አድርጎ ለተጠቃሚው ድርጅት አገልግሎቱን ያቀርባል። አሠሪው ኤጀንሲው ስለሆነ ደመወዝ የመክፈል፣ ጡረታ የማስገባትና ዕረፍት የመስጠት ግዴታው የእርሱ ነው። አዋጁ ለዚህ ዓይነት አገልግሎት ከሠራተኛው በቀጥታም ሆነ በተዘዋዋሪ ክፍያ መቀበልን አይፈቅድም። ስለዚህ «የመመዝገቢያ» ወይም «የማስቀጠሪያ» እየተባለ ከሥራ ፈላጊው የሚሰበሰብ ገንዘብ የሕግ መሠረት የለውም።

ሦስተኛው የመኖሪያ ቤት ጥበቃ ነው። ግለሰብ ለቤቱ የሚቀጥረው ዘበኛ ለትርፍ ያልሆነ የግል አገልግሎት ሰጪ ስለሚባል አዋጁ አይመለከተውም። ጎረቤቶች ገንዘብ አዋጥተው ለመንደሩ የሚያቆሙት የሌሊት ጥበቃም በአብዛኛው በቃል ስምምነት የሚሠራ ነው። ከሁሉም ይልቅ የሕግ ከለላው የሳሳባቸው እነዚህ ናቸው።

አራተኛው የመንግሥት መሥሪያ ቤት ጥበቃ ነው፤ እርሱ በመንግሥት ሠራተኞች ሕግ ይተዳደራል። ፖሊስና ሚሊሻ ከእነዚህ ሁሉ የተለዩ የሕግ አስከባሪ አካላት ናቸው፤ የግል ጥበቃ ዩኒፎርም ቢለብስም የፖሊስ ሥልጣን የለውም።

ገጠሩና የፋብሪካው በር

የጥበቃ ሥራ የገጠር ጉዳይም ነው። በባሶና ወራና፣ በአንኮበርና በመንዝ ደጋማ ቀበሌዎች የአንድ ቤተሰብ ማሳ ለልጆች ሲከፋፈል አነስተኛ ይሆናል፤ ገብስና ባቄላ በውርጭ ሲመታ ደግሞ የዓመቱ ቀለብ ይጎድላል። መሬት ያልደረሰው ወጣት ሙያ ሳይኖረው ሊገባበት የሚችለው ሥራ የቀን ሥራና ጥበቃ ነው። ዕድሜው የገፋና ሞፈር መጨበጥ የከበደው ገበሬም የሌሊት ጥበቃን ይመርጣል። በቅርብ ዓመታት በጸጥታ ችግር ከቀያቸው ተፈናቅለው በደብረ ብርሃንና አካባቢዋ የተጠለሉ ወገኖችም ከሥራ ፈላጊዎቹ ውስጥ ይገኛሉ።

እነዚህ ሰዎች በመጀመሪያ የሚገጥማቸው መሰናክል ተያዥ ነው። ቀጣሪዎች ደመወዝተኛ የሆነ ወይም ንብረት ያለው ሰው ዋስ እንዲሆን ይጠይቃሉ፤ በከተማው ዘመድ ለሌለው የገጠር ልጅ ይህን ማግኘት ቀላል አይደለም። ከዚህ ጋር የመታወቂያና ከወንጀል ነፃ መሆንን የሚያሳይ የአሻራ ማስረጃ ይጠየቃል። የቀበሌ ሰነዱ በቀየው ለቀረ ተፈናቃይ የፋይዳ ዲጂታል መታወቂያ ማንነቱን የሚያረጋግጥበት መንገድ ሆኗል፤ ተያዥን ግን አይተካም።

ሁለተኛው ችግር የወቅት ነው። በእርሻና በአጨዳ ወራት ገበሬው ወደ ማሳው መመለስ ይፈልጋል፤ መጋዘኖች እህል ተሞልተው ጥበቃ ይበልጥ የሚያስፈልጋቸውም በዚያው ሰሞን ነው። ፈረቃን አስቀድሞ በስምምነት ማመቻቸት የሚችል ቀጣሪ ሠራተኛውን ያቆያል፤ ያልቻለው በየዓመቱ አዲስ ሰው ይፈልጋል።

የ168 ሰዓት ስሌት

በጥበቃ ሥራ ላይ የሚነሣው ዋነኛ ቅሬታ የሥራ ሰዓት ነው። አዋጅ 1156 መደበኛ የሥራ ሰዓት በቀን ከ8፣ በሳምንት ከ48 እንዳይበልጥ ይደነግጋል። በሳምንት ውስጥ ከ24 ሰዓት ያላነሰ ያልተቋረጠ ዕረፍትም ያዝዛል። የትርፍ ሰዓት ሥራ የሚፈቀደው አደጋ ሲደርስ ወይም ሊደርስ ሲል፣ ከአቅም በላይ የሆነ ሁኔታ ሲያጋጥም፣ አስቸኳይ ሥራ ሲመጣ፣ ወይም ያለማቋረጥ በሚሠራ ሥራ ላይ የቀረ ሠራተኛን ለመተካት ነው። በዚህም ጊዜ ቢሆን በቀን ከ4፣ በሳምንት ከ12 ሰዓት መብለጥ የለበትም።

በተግባር የተለመደው ግን 12 ሰዓት ሠርቶ መቀያየር ወይም 24 ሰዓት ቆሞ 24 ሰዓት ማረፍ ነው። ሁለቱም አንድን በር ለሁለት ሰው የሚሰጡ አሠራሮች ናቸው። አንድ ሳምንት 168 ሰዓት አለው። ለሁለት ሲካፈል ለእያንዳንዱ ጥበቃ 84 ሰዓት ይደርሰዋል። ይህ ከመደበኛው በ36 ሰዓት፣ የትርፍ ሰዓት ጣሪያው ታክሎበት እንኳ ከሚፈቀደው 60 ሰዓት በ24 ሰዓት ይበልጣል። አንድን በር በመደበኛ ሰዓት ብቻ ለመሸፈን የሚያስፈልገው ሦስት ሰው ተኩል ነው፤ ይህም ማለት አራት ሰው፣ ወይም ለሁለት በር ሰባት ሰው ነው።

ሁለት ሰው ማቆም ርካሽ የሚመስለው የትርፍ ሰዓት ክፍያው ሲዘለል ነው። በአዋጁ መሠረት ከንጋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት የሚሠራ ትርፍ ሰዓት በመደበኛው የሰዓት ክፍያ አንድ ተኩል፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት 1.75፣ በሳምንት የዕረፍት ቀን በሁለት፣ በሕዝብ በዓል ቀን በሁለት ተኩል ተባዝቶ ይከፈላል። ዝቅተኛውን መጣኝ ብቻ ብንወስድ፣ 84 ሰዓት የሠራ ጥበቃ 48 መደበኛ ሰዓትና ለ36ቱ ትርፍ የ54 ሰዓት ክፍያ ይገባዋል፤ ድምሩ የ102 ሰዓት ክፍያ ነው። ለሁለት ሰው 204 ይሆናል። አራት ጥበቃ ቀጥሮ ለእያንዳንዱ የሙሉ 48 ሰዓት ደመወዝ የሚከፍል ድርጅት ግን የሚያወጣው የ192 ሰዓት ክፍያ ነው። ዩኒፎርምና ሌሎች ወጪዎች ሳይቆጠሩ፣ ሕጉን አክብሮ አራት ሰው ማቆም ሕጉን አክብሮ ለሁለት ሰው ከመክፈል ያነሰ የደመወዝ ወጪ አለው። የሌሊቱና የበዓሉ መጣኝ ሲገባ ልዩነቱ ይሰፋል።

ስለዚህ አንድ ድርጅት ሁለት ጥበቃ ብቻ ይዞ ሌት ተቀን በሩን የሚያስጠብቅ ከሆነ፣ በወጪ የተረፈው ከሞላ ጎደል ለሠራተኞቹ ያልተከፈለው ገንዘብ ነው። ደክሞ የሚያንቀላፋ ጥበቃ ደግሞ ለንብረቱም ዋስትና አይሆንም።

ደመወዝና የጨረታ ዋጋ

በኢትዮጵያ ለግሉ ዘርፍ በሙሉ የሚሠራ ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል በሥራ ላይ አልዋለም። አዋጅ 1156 ጉዳዩን የሚያጠና የደመወዝ ቦርድ እንዲቋቋም ይደነግጋል። ወለሉ እስኪወሰን ድረስ ክፍያው በስምምነት ይቆረጣል፤ በጥበቃ ዘርፍ ደግሞ የሚቆረጠው ብዙ ጊዜ በጨረታ ነው። ተጠቃሚው ድርጅት ዝቅተኛ ዋጋ ያቀረበውን ኤጀንሲ ይመርጣል፤ ኤጀንሲው አስተዳደራዊ ወጪውንና ትርፉን ቀንሶ የቀረውን ለሠራተኛው ይከፍላል። ዋጋው ሲወርድ በመጀመሪያ የሚነካው የሠራተኛው ድርሻ ነው። የኢትዮጵያ ሠራተኛ ማኅበራት ኮንፌዴሬሽን በኤጀንሲ የሚቀጠሩ ሠራተኞች አያያዝ ላይ በተደጋጋሚ ቅሬታ ሲያሰማ ቆይቷል።

ይህን ለማስተካከል ትልቁ አቅም ያለው ጨረታውን በሚያወጣው ድርጅት እጅ ነው። በጨረታ ሰነዱ ላይ ለአንድ በር የሚመደበውን ሰው ብዛት፣ ለሠራተኛው የሚደርሰውን የተጣራ ደመወዝና የጡረታ ክፍያ ማስረጃን በግልጽ የሚጠይቅ ድርጅት ተጫራቾች በሠራተኛው ኪሳራ እንዳይወዳደሩ ያደርጋል።

የጡረታ ጉዳይ በግል ድርጅት ሠራተኞች ጡረታ አዋጅ ቁጥር 1268/2014 የተመለከተ ነው። ሠራተኛው ከደመወዙ 7 በመቶ፣ አሠሪው 11 በመቶ ያዋጣሉ። ኤጀንሲ በተቀያየረ ቁጥር የሠራተኛው የአገልግሎት ዘመን እንዳይቆራረጥ የጡረታ መለያ ቁጥሩን መያዝና ገንዘቡ በየወሩ መግባቱን ማረጋገጥ ይገባዋል።

ንብረት ሲጠፋ

ከግቢ ንብረት ሲጠፋ ጥበቃው ከደመወዙ እንዲከፍል ማድረግ የተለመደ ነው። አዋጁ ግን አሠሪው በራሱ ፈቃድ ከደመወዝ እንዲቆርጥ አይፈቅድለትም። ቅነሳ የሚደረገው በሕግ፣ በኅብረት ስምምነት ወይም በፍርድ ቤት ትእዛዝ ሲወሰን፣ ወይም ሠራተኛው በጽሑፍ ሲስማማ ነው። በማናቸውም ሁኔታ በአንድ ጊዜ የሚቆረጠው ከወር ደመወዙ አንድ ሦስተኛ መብለጥ የለበትም።

በዚህ ረገድ የርክክብ መዝገብ ከሁሉ የላቀ ማስረጃ ነው። ፈረቃ ሲቀያየር ምን እንደተረከቡ፣ የትኛው ቁልፍ ለማን እንደተሰጠ፣ የትኛው አጥር እንደተጎዳና መቼ ለኃላፊ እንደተነገረ በጽሑፍ ከሰፈረ ጥፋቱ የማን እንደሆነ መለየት ይቻላል። መዝገብ በሌለበት ግቢ ጣት የሚቀሰረው መጨረሻ በቆመው ሰው ላይ ነው። ማንበብና መጻፍ ለማይችል ጥበቃም የፈረቃ ኃላፊው በሁለት ምስክር ፊት ርክክቡን ሊመዘግብለት ይገባል።

ብርድ፣ ጭስና የሥራ ላይ ጉዳት

ደብረ ብርሃን ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,700 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ ትገኛለች። በኅዳርና በታኅሣሥ ሌሊቶች ሣሩ በውርጭ ይነጣል። በዚህ ብርድ ውጭ ለሚያድር ሰው ካፖርት፣ ጫማ፣ ጓንትና የዝናብ ልብስ የሥራ መሣሪያው ናቸው፤ አዋጁም አሠሪው ለሥራው የሚያስፈልጉ የመከላከያ አልባሳትን እንዲያቀርብ ያስገድዳል።

ከብርዱ ይልቅ ገዳይ የሆነው ግን ብርዱን ለመከላከል በዘብ ቤት ውስጥ የሚነደው ከሰል ነው። በተዘጋ ጠባብ ክፍል የሚነድ ከሰል ካርቦን ሞኖክሳይድ የተባለ ሽታና ቀለም የሌለው ጋዝ ያወጣል፤ የተኛ ሰው ሳይነቃ ሕይወቱ ያልፋል። ከሰሉ ውጭ ቀልቶ ቢገባም አደጋው አይቀርም። የዘብ ቤቱ ነፋስ ማስገቢያ እንዲኖረው ማድረግና ከሰልን ከክፍሉ ውጭ ማቆየት የአሠሪውም የሠራተኛውም ኃላፊነት ነው።

በሥራ ላይ ጉዳት ሲደርስ አሠሪው ጥፋት ባይኖርበትም ኃላፊ ነው። የሕክምና ወጪውን ይሸፍናል። ሠራተኛው ለጊዜው መሥራት ካልቻለ እስከ አንድ ዓመት ድረስ ይከፈለዋል፤ ለመጀመሪያዎቹ ሦስት ወራት ሙሉ ደመወዝ፣ ለቀጣዮቹ ሦስት ወራት 75 በመቶ፣ ለቀሩት ስድስት ወራት 50 በመቶ።

ሴቶች በፍተሻና በመግቢያ በር ላይ በብዛት ይሠራሉ፤ ሴት ተገልጋይን ሴት እንድትፈትሽ መደረጉም ተገቢ ነው። ነፍሰ ጡር ሠራተኛን ከምሽቱ 4 ሰዓት እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት ማሠራት ወይም የትርፍ ሰዓት ማዘዝ የተከለከለ ነው። የወሊድ ፈቃዱ ከወሊድ በፊት 30፣ ከወሊድ በኋላ 90 ተከታታይ ቀናት ከሙሉ ደመወዝ ጋር ነው።

መሣሪያና ሰው የመያዝ ሥልጣን

በጥበቃ ሥራ ለመሰማራት ድርጅቱ የንግድ ፈቃድና ከፖሊስ የሚሰጥ የብቃት ማረጋገጫ ያስፈልገዋል። የጦር መሣሪያን በተመለከተ አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ያለ ፈቃድ መያዝን ይከለክላል። በገጠር የቤት መሣሪያ መያዝ የቆየ ልማድ መሆኑ የታወቀ ነው፤ ሆኖም ጥበቃው የራሱን መሣሪያ ይዞ በፋብሪካ በር እንዲቆም ማድረግ ልማዱን ለሕጉ ማስቀደም ነው። የሚበዛው የከተማ ጥበቃ የሚሠራው በዱላ፣ በባትሪና በስልክ ነው።

ጥበቃው ሰው የመያዝ ሥልጣኑ ከማንኛውም ዜጋ አይበልጥም። ከ1954 ዓ.ም ጀምሮ ሲሠራበት የኖረው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 50 ማንኛውም ሰው እጅ ከፍንጅ የተገኘን፣ ከሦስት ወር ያላነሰ ቀላል እሥራት በሚያስቀጣ ወንጀል የተጠረጠረን ሰው ያለ መጥሪያ መያዝ እንደሚችል ይደነግጋል። የያዘውን ሰው ግን ሳይዘገይ በአቅራቢያው ላለው ፖሊስ ጣቢያ ማስረከብ አለበት። በዘብ ቤት ማሳደር፣ መደብደብ ወይም «እስኪያምን» ማቆየት ራሱን የቻለ ወንጀል ነው።

ራስንና ሌላን ከጥቃት መከላከል በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 78 ተፈቅዷል፤ መከላከሉ ከጥቃቱ ጋር የተመጣጠነ ሊሆን ይገባል። ጥበቃው በሥራው ምክንያት በሌላ ሰው ላይ ጉዳት ካደረሰ ቀጣሪውም በፍትሐ ብሔር ካሣ ሊጠየቅ ይችላል። ሥልጠና የሚያስፈልገው በተለይ በዚህ ላይ ነው፤ ለአንድ ቀን የተሰጠ የሕግ ትምህርት ለዓመታት ከሚዘልቅ ክስ ያድናል።

የብሪታንያ ልምድ

ብሪታንያ የግል ጥበቃን በሕግ ለማስተዳደር የግል ጥበቃ ኢንዱስትሪ ሕግን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2001 አወጣች። የጥበቃ ኢንዱስትሪ ባለሥልጣንም በ2003 ሥራ ጀመረ። በዚያ አገር የግዴታ ፈቃድ የሚሰጠው ለግለሰቡ ነው። በኮንትራት የሚሠራ ጥበቃ፣ የመዝናኛ ቤት በር ተቆጣጣሪ፣ ገንዘብ አጓጓዥና የአጃቢነት ሠራተኛ ሥልጠና ወስዶ፣ የወንጀል መዝገቡ ተመርምሮ ለሦስት ዓመት የሚያገለግል ፈቃድ ይይዛል። ከ400 ሺህ በላይ ሰዎችም ይህ ፈቃድ አላቸው። ፈቃዱ የሰውየው ስለሆነ ኩባንያ ቢቀይር አብሮት ይሄዳል።

ሥርዓቱ ግን ክፍተቶች አሉት። ድርጅቶች ራሳቸው ፈቃድ የማውጣት ግዴታ የለባቸውም፤ ያለው በፈቃደኝነት የሚገቡበት የጥራት መርሐ ግብር ነው። በቀጥታ በድርጅቱ የተቀጠረ ተራ ጥበቃም ከፈቃድ ግዴታ ውጭ ነው። በ2012ቱ የለንደን ኦሎምፒክ ዋዜማ ጂ ፎር ኤስ የተባለው ኩባንያ የተዋዋለውን የጥበቃ ብዛት ማቅረብ ስላልቻለ መንግሥት ወታደሮችን ለማሰማራት ተገደደ። በ2017 በማንችስተር የሙዚቃ ዝግጅት ላይ በደረሰውና 22 ሰዎች በሞቱበት የቦምብ ጥቃት የተካሄደው ምርመራም በጥበቃው ላይ የነበሩ ድክመቶችን ዘርዝሮ፣ ኩባንያዎችም ፈቃድ እንዲያወጡ ማድረግ እንዲታሰብበት ሐሳብ አቅርቧል። በ2025 የወጣው ሕግ ደግሞ ብዙ ሰው የሚሰበሰብባቸው ቦታዎች ለሽብር ጥቃት እንዲዘጋጁ ያስገድዳል።

ሁለቱ አገሮች ከተለያየ ጫፍ ተነሥተዋል ማለት ይቻላል፤ በኢትዮጵያ የብቃት ማረጋገጫው የድርጅቱ ነው፣ በብሪታንያ ፈቃዱ የሠራተኛው ነው። ለሰሜን ሸዋው ጥበቃ የግል ሙያ ማረጋገጫ ቢኖረው የሚያገኘው ጥቅም ግልጽ ነው። ዛሬ ከአምስት ዓመት አገልግሎት በኋላ ወደ ሌላ ድርጅት ሲሄድ የሚይዘው የሥራ ልምድ ወረቀት ነው፤ ተያዥ ፍለጋውንም እንደገና ከመጀመሪያው ይጀምራል። ሥልጠናውንና መልካም ጠባዩን የሚመሰክር፣ ከሰውየው ጋር የሚሄድ ማስረጃ የተያዥን ሸክም ሊያቀል ይችላል።

ሠራተኛውም ቀጣሪውም ሊያውቁት የሚገባ

• የሥራ ውሉ በጽሑፍ ካልሆነ አሠሪው በ15 ቀናት ውስጥ የውሉን ዝርዝር የያዘ የተፈረመ ጽሑፍ ለሠራተኛው መስጠት አለበት።

• የሙከራ ጊዜ ከ60 የሥራ ቀናት አይበልጥም።

• የዓመት ዕረፍት ለመጀመሪያው ዓመት 16 የሥራ ቀናት ነው፤ በየሁለት ዓመቱ አንድ ቀን ይጨመራል።

• ያልተከፈለ ደመወዝና የትርፍ ሰዓት ክፍያ በስድስት ወር ውስጥ፣ ወደ ሥራ የመመለስ ጥያቄ በሦስት ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። ስለዚህ የፈረቃ ቀንና ሰዓትን በራስ ደብተር መመዝገብ ይጠቅማል።

• ሠራተኛው ሲጠይቅ ወይም ሥራ ሲለቅ የሥራውን ዓይነት፣ የአገልግሎት ዘመኑንና ደመወዙን የሚገልጽ ማስረጃ ያለ ክፍያ ይሰጠዋል።

ቅሬታ ያለው ሠራተኛ በመጀመሪያ ለአሠሪው በጽሑፍ ማመልከት፣ የሠራተኛ ማኅበር ካለ ማሳወቅ፣ ከዚያም በዞኑ ወይም በከተማ አስተዳደሩ የሥራና ሥልጠና መምሪያ ወደሚገኘው የሥራ ሁኔታ ቁጥጥር ክፍል መሄድ ይችላል። ጉዳዩ በዚያ ካልተፈታ ሥልጣን ላለው ፍርድ ቤት ይቀርባል። በመኖሪያ ቤት የሚሠራ ጥበቃ በዚህ አዋጅ ስለማይሸፈን የሥራ ሰዓቱን፣ የዕረፍት ቀኑንና ደመወዙን ከመጀመሪያው በምስክር ፊት በጽሑፍ ማስፈር ይኖርበታል።